ፍርፋሪ ለቃሚው ጀግና፤ የዳንኤል ታደሰ ጋጋኖ ጉዞ በሙከራ ፊልም ዓለም

ተዋናይ በመድረክም ሆነ በካሜራ ፊት ሲቆም ይዞት የሚቀርበው የራሱ ሀብት ሦስት ነው፤ ድምፁ፣ ገጹና አካሉ። ደራሲው ቃሉን፣ አዘጋጁ ሥርዓቱን፣ የትዕይንት ሠዓሊው አካባቢውን ያበረክቱለታል፤ እነዚህን ሦስቱን ግን ከራሱ በቀር ማንም ሊሰጠው አይችልም። የአገራችን የትወና ታሪክ ሲጤን ከሦስቱ መካከል የበኵርነቱን ስፍራ ለድምፅ የሰጠ ሆኖ ይገኛል። «እገሌ ጥሩ ተዋናይ ነው» ሲባል፣ ከሁሉ አስቀድሞ ቃሉን አጥርቶ፣ ስንኙን ጠብቆ፣ አዳራሹን በድምፁ ሞልቶ የሚናገር ነው ማለት ነው። ገጽ ከዚያ ቀጥሎ ይመጣል፤ አካል ደግሞ ዘፈንና ውዝዋዜ ካልሆነ በቀር በመጨረሻ ይታወሳል።

በዚህ ሚዛን ላይ ሲቀመጥ የዳንኤል ታደሰ ጋጋኖ ሥራ ሚዛኑን የሚያናጋ ነው። ዳንኤል ስሙ በአገር ውስጥ የፊልም ተመልካች ዘንድ እምብዛም የማይነሣ ተዋናይ ነው። በውጭ አገር የሙከራ ፊልም አፍቃሪዎች ዘንድ ግን በሁለት ረጃጅም ፊልሞች በዋና ገጸ ባሕርይነት የሚታወቅ ሰው ነው። ሥራው በቁጥር ሲታይ ጥቂት ነው። ይሁንና እነዚህ ጥቂት ሥራዎች አንድ ኢትዮጵያዊ ተዋናይ ድምፁም ገጹም ሲወሰድበት ምን ይቀረዋል የሚለውን ጥያቄ የሚያስነሡ በመሆናቸው፣ ለትወና ታሪካችን ከቁጥራቸው የበለጠ ክብደት አላቸው።

የድምፅ ዘመን

ዘመናዊው የኢትዮጵያ ተውኔት በ1910ዎቹ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ከጻፉት «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮመዲያ» እንደሚጀምር በሰፊው የታወቀ ነው። በ1927 ዓ.ም. የተመሠረተው የሀገር ፍቅር ማኅበር፣ ኋላም በ1948 ዓ.ም. የተከፈተውና ዛሬ ብሔራዊ ትያትር የሚባለው የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ትያትር፣ ለዚህ ጥበብ ጣሪያና መድረክ ሰጡት። ጥበቡ ግን ወደ አዳራሽ የገባው ባዶ እጁን አልነበረም። ቅኔውን፣ ፉከራውን፣ ቀረርቶውን፣ የለቅሶ ግጥሙን፣ የሸንጎ ሙግቱን ሁሉ ይዞ ገባ። ቃል የሚያውቅ ሰው በሚከበርበት ኅብረተሰብ ውስጥ የተወለደ ትያትር ቃልን ማስቀደሙ የሚያስገርም አይደለም። የጸጋዬ ገብረ መድኅን የግጥም ተውኔቶች ይህን ዝንባሌ ወደ ከፍተኛ ደረጃ አደረሱት፤ እነዚያን ስንኞች የሚሸከም ሳንባና ጉሮሮ የሌለው ተዋናይ በዚያ መድረክ ላይ ስፍራ አልነበረውም።

ሬዲዮ ሲመጣ ድምፅ ፈጽሞ ከአካል ተለየ። ለዚህ ከሁሉ የሚልቀው ምሳሌ ወጋየሁ ንጋቱ ነው። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ያሳተሙትን «ፍቅር እስከ መቃብር» ወጋየሁ በኢትዮጵያ ሬዲዮ በተረከበት ጊዜ፣ ፊቱን አይተው የማያውቁ ሰዎች ድምፁን እንደ ዘመድ ድምፅ ለዩት። ከአዲስ አበባ 230 ኪሎ ሜትር ያህል በምትርቀው ሆሳዕና፣ በዱራሜ፣ በአንጋጫ፣ በሾኔ ለሚኖር ሰው ብሔራዊ ትያትር የሩቅ አገር ወሬ ነበር፤ ሬዲዮ ግን በሻይ ቤቱ መደርደሪያ ላይ ነበረች። በእነዚህ ከተሞች ታላቁ ተዋናይ መጀመሪያ የደረሰው አካል ሳይኖረው፣ ድምፅ ብቻ ሆኖ ነው። ይህ ደግሞ ለአካባቢው ሰው እንግዳ ነገር አልነበረም፤ በሐዲያም ሆነ በከምባታ የሽማግሌዎች ሸንጎ ዘንድ ሰው የሚመዘነው በንግግሩ ነውና።

እንግዲህ የትወና ሚዛናችን የተሠራው በዚህ መንገድ ነው። ሚዛኑ ሐሰተኛ ነው ማለት አይደለም፤ ታላላቅ ተዋንያንን አፍርቷል። ነገር ግን በድምፅ ብቻ የማይመዘን ተዋናይ ሲመጣ፣ ሚዛኑ ምን ማድረግ እንዳለበት አያውቅም።

ከአዳራሽ ወደ ካሜራ

1957 ዓ.ም. ለዚህ ጉዳይ ትልቅ ዓመት ነው። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራውን የጀመረው በዚያ ዓመት ነው፤ የመጀመሪያው የአማርኛ ረጅም ፊልም ተብሎ የሚቆጠረው «ሂሩት አባቷ ማነው» የተሠራውም በዚያው ዘመን ነው። ካሜራ ከመድረክ የሚለየው በአንድ ዐቢይ ነገር ነው። መድረክ ተዋናዩን «ድምፅህ ከኋላ ለተቀመጠው ሰው ይድረስ» ይለዋል፤ ካሜራ ግን ራሱ ወደ ተዋናዩ ቀርቦ የዓይኑን ሽፋሽፍት ያያል። ስለዚህ ዝም ማለትን፣ መቆምን፣ መራመድን፣ ዕቃ አንሥቶ ማስቀመጥን ትወና ያደርገዋል። ይሁንና የቴሌቪዥን ድራማችን ተዋንያኑንም ልማዱንም ያገኘው ከመድረክ ስለነበረ፣ ለረጅም ጊዜ በካሜራ ፊት የቆመ ትያትር መሆኑ አልቀረም። በ1977 ዓ.ም. ሥርጭቱ ባለ ቀለም ሲሆንም ቃሉ ያው ቀዳሚ ነበር።

ይህን ልማድ ቀድሞ የሰበረው ፊልም «ምርት፦ ሦስት ሺህ ዓመት» ነው። የጎንደሩ ተወላጅ ኃይሌ ገሪማ በአሜሪካ በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የፊልም ተማሪ በነበረበት ወቅት እ.ኤ.አ. በ1974 ወደ አገሩ ተመልሶ፣ ዘውዳዊው ሥርዓት ሊወድቅ በሚንገዳገድበት ጊዜ፣ በሁለት ሳምንት ያህል ጊዜ ውስጥ በ16 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም ቀረጸው። ተዋንያኑ ሞያቸው ትወና ያልነበረ ሰዎች ናቸው። ፊልሙ የጭሰኛውን ቤተሰብ ውሎ በረጅም ዝምታ ይከታተላል፤ ማረሱን፣ ከብት መንዳቱን፣ ውሃ መቅዳቱን፣ የባለ ርስቱን ትእዛዝ ሰምቶ አንገት መድፋቱን ያሳያል። እብድ የሚባለው ከበበ የመከራውን ሁሉ ቃል በአፉ ይሸከማል፤ ሌሎቹ ግን በአካላቸው ይናገራሉ። በዚህ ፊልም ውስጥ የገበሬው ጎንበስ ማለት ራሱ ታላቅ ንግግር ነው። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1976 በስዊስ አገር በሎካርኖ የፊልም በዓል ተሸለመ። ተዋንያኑ ግን ከዚያ በኋላ በትወና ታሪካችን ውስጥ ስማቸው ሲጠራ አይሰማም። የሙከራ ፊልም ተዋናይ ዕጣ በአገራችን ገና ከጅምሩ ይህ ሆነ፤ ፊልሙ ይከብራል፣ ዳይሬክተሩ ይታወሳል፣ ፊቱንና ጀርባውን ያበደረው ሰው ይረሳል።

ከዚያ በኋላ ዘመኑ ተለወጠ። በ1990ዎቹ የቪዲዮ ካሜራ በመርከሱ የአማርኛ ፊልም በብዛት መሠራት ጀመረ፤ በክፍለ አገር ከተሞችም በየመናኸሪያው ዙሪያ ቪዲዮ ቤቶች ተበራከቱ። አውቶቡስ የሚጠብቅ መንገደኛ፣ ከትምህርት ቤት የቀረ ልጅ፣ የቀን ሥራውን የጨረሰ ወጣት ሳንቲም ከፍሎ በጠባቡ ክፍል በአግዳሚ ላይ ተቀምጦ የሕንዱንም፣ የአሜሪካኑንም፣ በኋላም የአማርኛውን ፊልም ያይ ጀመር። የአማርኛው ፊልም በአመዛኙ ሁለት መንገድ ያዘ፤ የፍቅር ታሪክና ቀልድ። ጀግናውም በዚያው ልክ ተቀረጸ፤ ቁመናው የሰመረ፣ ፊቱ የጠራ፣ ልብሱ ያማረ። ከዚህ መልክ የወጣ ሰው በፊልሙ ውስጥ ስፍራ ቢያገኝ የሚያገኘው አጃቢ ወይም መሳቂያ ሆኖ ነው።

ዳንኤል ታደሰ ወደ ካሜራ የቀረበው በዚህ ዘመን ነው። በፊልሞቹ እንደሚታየው ቁመቱ አጭር፣ ጀርባውም የጎበጠ ነው። ይህ ነገር እዚህ የሚነሣው ለወሬ አይደለም። የዳንኤልን ጉዞ የሚወስነው ጥያቄ በዚሁ ላይ ስለሚያርፍ ነው፤ እንዲህ ያለው አካል በፊልም ውስጥ ምን ይሆናል? ሦስቱ ሥራዎቹ ለዚህ ጥያቄ ሦስት የተለያዩ መልሶች ይሰጣሉ።

«ችግር አለ»

የመጀመሪያው እ.ኤ.አ. በ2013 የወጣው «ችግር አለ» የተባለ አጭር ፊልም ነው። የሠራው በአዲስ አበባ የኖረው ስፔናዊው ዳይሬክተር ሚጌል ያንሶ ሲሆን፣ ኋላ የመጡት ሁለቱ ረጃጅም ፊልሞችም የእርሱ ናቸው። በዚህ አጭር ፊልም ውስጥ ዳንኤል የተጫወተው ሂትለርን ነው። ያ ዓለምን ያንቀጠቀጠ ሰው፣ ጢሙን እንዳስቀመጠ፣ በአዲስ አበባ ምሽት ቤት ጠጪዎች መካከል ተጥሎ ይታያል።

የፋሺዝምን ክንድ ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. በቀመሰ አገር ውስጥ ይህ ቀልድ የራሱ ምክንያት አለው። ራሱን ከሰው ዘር ሁሉ በላይ ያደረገ እብሪተኛ፣ «ዝቅተኛ» ባላቸው ሕዝቦች ከተማ፣ ሊያጠፋው ይፈልግ በነበረው ዓይነት አካል ውስጥ ገብቶ መሳቂያ ይሆናል። የናዚ ሥርዓት የአካል ጉዳተኞችን በገዛ አገሩ በሺህ የሚቆጠሩ አድርጎ እንደፈጀ የሚያውቅ ተመልካች፣ የቀልዱን መርዝ ወዴት እንደሚፈስ ያስተውላል። ሆኖም የዳንኤል አካል እዚህ ላይ ገና የቀልድ መሣሪያ ነው። ሣቁ የሚነሣው ከሂትለር ጢምና ከተዋናዩ ቁመት አለመጣጣም ነው። ትልቅ ነገር በትንሽ አካል አሳይቶ ማሳቅ በዓለም ኮሜዲ ውስጥ ጥንታዊ ዘዴ ነው፤ ተዋናዩን ግን ከዘዴው በላይ አያሳየውም። ዳንኤል በዚህ ብቻ ቢቀር ኖሮ ታሪኩ ከአንድ የቀልድ ማስታወሻ አያልፍም ነበር።

«ፍርፋሪ»

እ.ኤ.አ. በ2015 የመጣው ሁለተኛው ሥራ ግን ነገሩን ገለበጠው። «ፍርፋሪ» በአማርኛ የሚነገር የ68 ደቂቃ ፊልም ነው፤ በጥር ወር 2007 ዓ.ም. በኔዘርላንድ በሮተርዳም ዓለም አቀፍ የፊልም በዓል ላይ ለሕዝብ ቀረበ። ታሪኩ የሚፈጸመው ታላቅ ጦርነት ዓለምን ካጠፋና ሰው ጥቂት ሆኖ ከቀረ በኋላ ነው። በሰማይ ላይ የዛገ መንኮራኵር ለዓመታት ተንጠልጥሏል። በምድር ላይ የቀሩት ሰዎች ከቀድሞው ዘመን የተረፈውን ቅራቅንቦ ይለቅማሉ፤ የልጆች የፕላስቲክ አሻንጉሊት፣ የማይክል ጃክሰን የሙዚቃ ሸክላ ብርቅና ቅዱስ ዕቃ ሆነዋል። የቅርጫት ኳሱ ማይክል ጆርዳን ሥዕሉ በመሠዊያ ላይ ተቀምጦ ይጸለይበታል። ዕቃ መዛኙ ነጋዴ ደግሞ የእያንዳንዱን ዕቃ ታሪክ በክብር ቃል ይተርካል፤ ትረካው ግን ሁሉም የተሳሳተ ነው።

ይህ የሩቅ ዘመን ሕልም ለኢትዮጵያ ከተማ ነዋሪ ያን ያህል ሩቅ አይደለም። «ቆራሌው!» እያለ በየሰፈሩ የሚዞረው ሰው፣ ልዋጭ የሚለው ነጋዴ፣ በመናኸሪያ ጥግ በሸራ ላይ የተበታተነ የሬዲዮ ሆድ ዕቃ ዘርግቶ የሚሸጥ ጠጋኝ፣ የ«ፍርፋሪ»ን ዓለም ገና ጦርነት ሳይነሣ ኖረውበታል። አንዱ የጣለው ለሌላው ሀብት ነው፤ ከሩቅ አገር ፋብሪካ የወጣ ዕቃ የመጀመሪያ ትርጉሙን በመንገድ ላይ ጥሎ ሌላ ትርጉም ይዞ ይመጣል። ፊልሙ የሚያፌዘው በድሆቹ ለቃሚዎች ላይ አይደለም፤ ፕላስቲክን ወርቅ ባደረገው የዓለም ገበያ ላይ ነው።

የፊልሙ መክፈቻ በዳሎል ተቀርጿል። ዳሎል ከባሕር ወለል ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ባለው የዳናኪል ረባዳ ውስጥ፣ ቢጫና አረንጓዴ የጨው ምድር ላይ የቆመ፣ የማዕድን ሥራው ሲቆም ሰው ትቶት የሄደ ሰፈር ነው። የዓለምን ፍጻሜ ለማሳየት ሌላው የፊልም ሠሪ በሚሊዮን የሚቆጠር ገንዘብ አፍስሶ በሰሌዳና በኮምፒዩተር የሚሠራውን፣ እዚህ ምድሪቱ ራሷ አበረከተችው። በዚህ ሰፊ ባዶ መሬት ላይ አንድ ትንሽ ሰው ይራመዳል። ያ ሰው ካንዲ የተባለው የፊልሙ ጀግና፣ ዳንኤል ነው።

ካንዲ ወፊቱ ከተባለች ፍቅረኛው ጋር ሰው በተወው የቦውሊንግ መጫወቻ አዳራሽ ውስጥ ይኖራል። ወፊቱን የተጫወተችው ሰላም ተስፋዬ ናት፤ በአማርኛ የፍቅር ፊልሞች በብዙ ተመልካች ዘንድ የታወቀች ተዋናይት ናት። የዝነኛይቱና የማይታወቀው ሰው መጣመር በራሱ ትርጉም አለው። የለመድነው የአማርኛ ፊልም ሕግ ቢሆን እንዲህ ያለችው ሴት ከእንዲህ ያለው ወንድ ጋር ብትታይ ለሣቅ ነበር። በ«ፍርፋሪ» ግን ማንም አይስቅም። ፍቅራቸው እንደ ተራ ነገር፣ እንደ እንጀራና ውሃ ቀርቧል። ዓለሙ ሁሉ ባበደበት ታሪክ ውስጥ እብደት የሌለበት ነገር የእነዚህ የሁለቱ ፍቅር ብቻ ነው።

የዳንኤል ችሎታ የሚለካው እዚህ ላይ ነው። በዙሪያው ያለው ሁሉ የሚያስቅ ነው፤ ጠንቋይ አለች፣ የገና አባት አለ፣ የናዚ ቅሪት አለ፣ ከሰማይ የመጣሁ ነኝና ወደ ፕላኔቴ ልመለስ የሚለው የራሱም እምነት አለ። ይህን ሁሉ ተሸክሞ ተዋናዩ አንዴ እንኳ ወደ ተመልካቹ ዓይኑን አይጠቅስም። «እኔም እንደ እናንተ ይህ ቀልድ መሆኑን አውቃለሁ» የሚል ምልክት አይሰጥም። ካንዲ ለእርሱ እውነተኛ ሰው ነው፤ ይፈራል፣ ይናፍቃል፣ ይደክመዋል፣ ይዋደዳል። በቃላት ቁጥብ ነው። አረማመዱ ቀስ ያለ፣ ግን የማይቆም ነው። ዳይሬክተሩ በሩቅ ያስቀመጠው ካሜራ በዚያ ግዙፍ ምድር ላይ ትንሿን ነጥብ ሲከተል፣ ተመልካቹ ቀስ በቀስ የሚያውቀው ነገር አለ፤ ጀግንነት የቁመት ጉዳይ ሳይሆን የመንገድ ጉዳይ ነው። በመጀመሪያው ፊልም የሣቅ ምክንያት የነበረው አካል በሁለተኛው የሐዘኔታም አልሆነም። የአንድ መንገደኛ አካል ሆነ።

ይህ ሁለተኛው መልስ ነው፤ ለዳንኤልም ለአገራችን ፊልምም ከሦስቱ የላቀው ይኸው ነው።

ድምፅም ገጽም ሲሄድ

ሦስተኛው ሥራ እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣው «ኢየሱስ ወደ አውራ ጎዳናው የሚወስደውን መንገድ ያሳይሃል» የተሰኘ ፊልም ነው። ርእሱ መንፈሳዊ ቢመስልም ነገሩ የቆየ የስለላ ፊልም ፌዝ ነው። ጊዜው እ.ኤ.አ. 2035 ነው፤ ሁለት የአሜሪካ ሰላዮች «ሶቪየት ኅብረት» የተባለ የኮምፒዩተር ተባይ ለማጥፋት ሰው ሠራሽ ወደ ሆነ የሐሳብ ዓለም ይገባሉ። አንደኛው ሰላይ ዳንኤል ነው። ይህ ሰላይ ሥራውን ትቶ ፒዛ ቤት መክፈት የሚመኝ፣ ሚስቱን የሚወድ፣ የደከመው መንግሥት ሠራተኛ ነው። በዚያው በሐሳቡ ዓለም ውስጥ ተይዞ «ቤታ ኢትዮጵያ» ወደምትባል የሕልም አገር ይጣላል።

በዚህ ፊልም ላይ አንባቢ ልብ ሊለው የሚገባ አንድ ነገር አለ። የተዋንያኑ ንግግር በቀረጻ ጊዜ የተነገረው ድምፅ አይደለም፤ ሁሉም በኋላ በእንግሊዝኛ የተደረበ፣ ሆነ ተብሎም ከከንፈር ጋር እንዳይገጥም የተደረገ ነው። ይህ የቀድሞዎቹን ርካሽ ፊልሞች ትርጉም ለመቅዳት የተመረጠ ስልት ነው። ሰላዮቹ ወደ ሐሳብ ዓለም ሲገቡ ደግሞ ፊታቸው ከወረቀት በተቆረጠ የታወቀ ሰው ፎቶግራፍ ይሸፈናል፤ የዳንኤል ፊት በአሜሪካዊው ኮሜዲያን በሪቻርድ ፕራየር ፊት ይተካል። እንግዲህ ከሦስቱ የተዋናይ ሀብቶች ሁለቱ ተወሰዱ። ድምፁ የለም፣ ገጹ የለም፤ አካሉ ብቻ ቀረ።

ተመልካቹ ግን ዳንኤልን ያውቀዋል። የወረቀቱ ፊት ከፊቱ ላይ ተለጥፎ፣ የባዕድ ድምፅ ከአፉ እየወጣ፣ አረማመዱ፣ የእጁ አነሳስ፣ ሲቆም ትከሻው የሚይዘው ቦታ ይህ ሰው ማን እንደሆነ ይናገራሉ። በ«ፍርፋሪ» ያየነው ያ መንገደኛ ነው። ወጋየሁ ንጋቱ በሬዲዮ አካል ሳይኖረው በድምፁ ብቻ እንደታወቀ፣ ዳንኤል ታደሰ በዚህ ፊልም ድምፅና ፊት ሳይኖረው በአካሉ ብቻ ይታወቃል። ሁለቱ የአንድ ጥበብ ሁለት ጫፎች ናቸው። የመጀመሪያውን ጫፍ አገር ያውቀዋል፣ ያከብረዋል፣ ይዘክረዋል። ሁለተኛውን ግን ገና አላየነውም።

አንድ የሚያስደንቅ ነገር ደግሞ አለ። በዚህ ፊልም ውስጥ የሰላዩ ስም ጋጋኖ ነው። የራሱ የተዋናዩ ስም መሆኑ ነው። ድምፁና ገጹ ሲሄዱ ስሙ ወደ ታሪኩ ውስጥ ገብቶ ቀረ።

የማን ተዋናይ ነው?

እዚህ ላይ ሊታለፍ የማይገባ ጥያቄ ይነሣል። ዳንኤልን ለዓለም ያሳየው የባዕድ አገር ዳይሬክተር ነው። አንድ ተጠራጣሪ ሰው፣ «ባዕዱ እዚህ መጥቶ እንግዳ የመሰለውን አካልና እንግዳ የመሰለውን ምድር አንድ ላይ አድርጎ ለራሱ አገር ሰው ማስደነቂያ አቀረበ እንጂ ሌላ ምን ሠራ?» ቢል ጥርጣሬው መሠረት የለውም ማለት አይቻልም። በፊልም ታሪክ ውስጥ ይህ ብዙ ጊዜ ሆኗል።

ለማነጻጸር የሚበጀው የጀርመኑ ብሩኖ ኤስ. ታሪክ ነው። ብሩኖ ልጅነቱን በማሳደጊያና በአእምሮ ሕሙማን ተቋማት ያሳለፈ፣ በበርሊን ጎዳና ላይ ሙዚቃ እየተጫወተ የሚኖር ሰው ነበር። ዳይሬክተሩ ቬርነር ሄርዞግ እ.ኤ.አ. በ1974 በካስፐር ሐውዘር ታሪክ ላይ በሠራው ፊልም፣ ደግሞም በ1977 «ሽትሮሼክ» በተባለው ፊልም ዋና ተዋናይ አደረገው። ዓለም አደነቀው። ከዚያ በኋላ ግን ብሩኖ ወደ ጎዳና ሙዚቃው ተመለሰ፤ እ.ኤ.አ. በ2010 እስከ ሞተበት ጊዜ ድረስም ሌላ እንዲህ ያለ ታላቅ ክፍል አልተጫወተም። የአንድ ዳይሬክተር ዓይን ያየውን ተዋናይ፣ ሌላ ዓይን ሳያየው ሲቀር የሚሆነው ይህ ነው። ተዋናዩ በሁለት ፊልሞች ውስጥ ታትሞ ይቀራል፤ ሕይወቱ ግን በሌላ መንገድ ይሄዳል።

ይሁን እንጂ የጥርጣሬው መልስ የሚገኘው በዳይሬክተሩ ሐሳብ ውስጥ ሳይሆን በተዋናዩ ሥራ ውስጥ ነው። ባዕዱ ዳይሬክተር ምንም ያስብ፣ በ«ፍርፋሪ» ውስጥ ካንዲ ፍቅረኛውን ትቶ ወደ ረጅሙ መንገድ ሲወጣ በሰውነቱ ላይ የሚታየውን ማመንታት ማንም ዳይሬክተር ከውጭ ሊቀባው አይችልም። ማስደነቂያ የሆነ ሰው ይታያል እንጂ አያይም። ዳንኤል ግን በፊልሙ ሁሉ የሚያይ ሰው ነው፤ ዓለሙን የምናየው በእርሱ ዓይን ነው። አማርኛውም የእኛው ነው፤ ያን የሚያስቅ ዓለም ያለ ሣቅ የሚናገርበት ለዛ፣ ቧልትን በቁም ነገር ፊት የመናገር ልማድ፣ ከአገሩ ሰው የተወረሰ ነው። የነገር አዋቂ ሰው ቀልድ ፊቱ ሳይፈታ መነገሩን በሐዲያም በከምባታም በጎንደርም ያደገ ሁሉ ያውቀዋል። ስለዚህ ካሜራው የባዕድ ቢሆንም ትወናው የአገር ነው።

በዚህ አኳያ ጉድለቱ ወደ ባዕዱ ብቻ የሚወረወር አይደለም። በርካታ የአማርኛ ፊልም በየዓመቱ በሚሠራበት አገር ውስጥ፣ ለእንዲህ ያለው ተዋናይ የተጻፈ ክፍል መጥፋቱ የጸሐፊዎቻችንና የአዘጋጆቻችን ጉዳይ ነው። የፊልማችን ጀግና እስከ መቼ አንድ ዓይነት ቁመና ይኖረዋል? አጭሩ፣ የጎበጠው፣ ዓይነ ስውሩ፣ አንካሳው በየመንደራችን ያፈቅራል፣ ያገባል፣ ይነግዳል፣ ያስታርቃል፣ ይሟገታል፤ በድራማችን ውስጥ ግን ወይ ይለምናል ወይ ያስቃል። ሕይወት የሰጠውን ስፍራ ጥበብ ሲነፍገው ጥበቡ ከሕይወት ወደ ኋላ ቀርቷል ማለት ነው።

በአገራችን «በእጅ የያዙት ወርቅ እንደ መዳብ ይቆጠራል» የሚል አባባል አለ። «ፍርፋሪ» የዚህን አባባል ሌላ ገጽታ ያሳያል፤ በዚያ ፊልም ዓለም ውስጥ ሰዎች ተራውን ፕላስቲክ ወርቅ አድርገው ያመልካሉ። ሁለቱም ስሕተቶች የሚመነጩት ከአንድ ምንጭ ነው፤ የያዙትን ነገር ጠጋ ብሎ ካለማየት። በቪዲዮ ቤቱ አግዳሚ ላይ ተቀምጦ የሩቅ አገር ጀግኖችን ስም በቃሉ ያወቀ ትውልድ፣ በገዛ ቋንቋው በተሠራ ፊልም ዋና ሆኖ የተጫወተውን ሰው ስም አለማወቁ ራሱ ከ«ፍርፋሪ» ታሪክ የተቀዳ ይመስላል።

ይህን ለማቃናት የሚያስፈልገው ብዙ ገንዘብ አይደለም። «ምርት፦ ሦስት ሺህ ዓመት»ም ሆነ «ፍርፋሪ» በሆሳዕናና በዱራሜ የባህል አዳራሾች፣ በየመምህራን ኮሌጁና በየዩኒቨርሲቲው የትያትር ክበብ ለተማሪዎች ቢቀርቡ፣ ከዚያም በተውኔት ላይ እንደሚደረገው ሁሉ ውይይት ቢደረግባቸው፣ ወጣቱ ተዋናይ ከድምፅ ሌላ መሣሪያ እንዳለው ይገነዘባል። የትወና ማስተማሪያ ክፍሎችም የተማሪውን ጉሮሮ እንደሚያሠለጥኑ ሁሉ እግሩን፣ ትከሻውን፣ ዝምታውን ማሠልጠን ይኖርባቸዋል። የትወና ታሪክ የሚጽፉ ሰዎች ደግሞ ከመድረኩና ከሬዲዮው ቀጥሎ ለሙከራ ፊልሙ አንድ ምዕራፍ ሊከፍቱ ይገባል። በዚያ ምዕራፍ ውስጥ የ«ምርት» ገበሬዎች ስም በየፊታቸው አንጻር ይጻፍ፤ ከእነርሱም ቀጥሎ በጨው ምድር ላይ ቀስ እያለ የሚራመደው የዳንኤል ታደሰ ጋጋኖ ስም ይግባ።